የሳቪኖ አንድ ድምፅ

ሳቪኖ ካርዶኔ እምቢ ማለት አያውቅም ነበር። ይህ ምስጋና እንዳይመስላችሁ። ደግ ሰው እምቢ ማለት ይከብደዋል እንጂ፣ የግድ ሲሆንበት ይላል፤ ሳቪኖ ግን ቃሉ ከነጭራሹ አፉ ውስጥ አልነበረም። የከተማችን የሞንቴሩቮ ፀጉር አስተካካይ ነው። ሱቁንም፣ ሁለቱን የቆዳ ወንበሮችም፣ ይህን ጠባዩንም የወረሰው ከአባቱ ነው። ሽማግሌው፣ ነፍሱን ይማርና፣ "ወንበሩ ላይ የተቀመጠ ሰው ሁሉ ልክ ነው፤ እስኪነሣ ድረስ" ይል ነበር። ልጁም በዚህች ምክር ፀጉሩ እስኪሸብት ኖረ። ጠዋት የመጣው ከንቲባውን ሲራገም "እውነትህን ነው" ይላል። ከሰዓት የመጣው ከንቲባውን ሲያሞግስ "እሱስ ልክ ነህ" ይላል። መቀሱ ለሁለቱም እኩል ይንጫጫል። ከተማው ይወደው ነበር፤ እንዲህ ያለውን ሰው የማይወድ ማን አለ?

ሚስቱ ኤርሲሊያ ሌላ ፍጥረት ነች። አባቷ የሰው ወይራ እየለቀመ ያሳደጋት፣ ከአራተኛ ክፍል ወጥታ መርፌ የጨበጠች ሴት ናት። ስትስቅ አትታይም፣ ያለችውን ግን ሳታደርግ ፀሐይ አይጠልቅባትም። በየዓመቱ የእመቤታችን ክብረ በዓል ሲደርስ፣ ሐውልቷን ካባ የሚያለብሱ አራት ሴቶች አሉ፤ ይህ ክብር ከእናት ወደ ልጅ የሚወርድ ነው፣ በገንዘብም በሹመትም አይገኝም። ኤርሲሊያ ከአራቱ አንዷ ነበረች። ካባው የሚይዘው በመርፌ ነው፤ የግራው ትከሻ የእሷ ነው። እናቷም የያዘችው እሱኑ ነበር።

ነገሩ የተጀመረው መምህርት ቪታ ወደ ፀጉር ቤቱ የገባች ቀን ነው። መምህርት ቪታ ግማሹን ከተማ ፊደል ያስቆጠረች ጡረተኛ ናት፤ ያን ሰሞን ለከተማው ምክር ቤት ምርጫ አንድ ቡድን አቋቁማ ነበር። ስሙን "ፋኖስ" አሉት፤ ምልክቱም ፋኖስ ነው። ከተማዋን ስንት ዘመን ሲያስተዳድር የኖረው የከንቲባው ወገን ምልክቱ ግንብ ነው፤ እኛም "ግንቦቹ" እንላቸዋለን። የፋኖሶቹ ጥያቄ ቀላል ነበር፦ ነሐሴ በመጣ ቁጥር የላይኛው ሰፈር ቧንቧ ለምን ይደርቃል? የገበያው ጣሪያ ሰው ላይ እስኪወድቅ ነው ወይ የሚጠበቀው? ጥያቄው ጥሩ ነው፤ የጎደላቸው የሚወዳደር ሰው ነበር።

"ማስትሮ ሳቪኖ፣ በዚህ ከተማ ስንት ሰው ታውቃለህ?" አለችው። በእኛ ዘንድ ባለሙያ ሁሉ "ማስትሮ" ይባላል።

"እኔንጃ መምህርት፤ ጭንቅላት ያለውን ሁሉ።"

"ጭንቅላት ያለውስ ጥቂት ነው። ፀጉር ያለውን ንገረኝ።"

ወንበሩ ላይ የነበረው ሰውዬ በሳሙና አረፋ ውስጥ ሆኖ ሳቀ። "እሱ ከገባ አለቀ በቃ" አለ። "ማስትሮ፣ የኔ ድምፅ ያንተ ናት፣ አሁኑኑ ጻፋት።"

"በል እንግዲህ" አለች መምህርት ቪታ፣ "ሕዝቡ ፈርዷል። ስምህን ላስገባው?"

"እሺ" አለ ሳቪኖ። ሌላ ምን ሊል ይችላል?

ከዚያ ወዲያ ያልማለ ደንበኛ አልነበረም። የሚላጨውም፣ ተራ የሚጠብቀውም፣ ጋዜጣ ለማንበብ ብቻ የሚገባውም "ማስትሮ አታስብ" ይለዋል። አፍ ዳገት አይፈራም። ሳቪኖም ቀስ በቀስ አመነ። ከምሳ በኋላ ሱቁን ሲከፍት መስታወቱ ፊት ቆም ማለት ጀመረ፤ ከረባት ቢያደርግ እንዴት እንደሚሆን እያሰበ።

"ማን ነው ቃል የገባልህ?" አለችው ኤርሲሊያ አንድ ቀን።

"ሁሉም።"

"ሁሉም ማለት ማንም ማለት ነው።"

"አይ አንቺ! ሟርት ትወጃለሽ።"

"ሟርት አይደለም። የኔ ግን አንድ አለችህ። እሷን ቁጠር።"

እውነትም አንድ አለችው። ኤርሲሊያ እስከዚያ ድረስ ምልክት ላይ መስመር አድርጋ ከመውጣት በቀር በምርጫ ወረቀት ላይ ስም ጽፋ አታውቅም። በእኛ የከተማ ምርጫ ደግሞ መራጩ ከምልክቱ ጎን ባለው ባዶ ቦታ የሚፈልገውን እጩ ስም በራሱ እጅ ይጽፋል፤ ሁለትም መጻፍ ይችላል፣ አንዱ ወንድ ሌላዋ ሴት እስከሆኑ ድረስ። ስለዚህ ሳቪኖን ወጥ ቤት ጠረጴዛው አጠገብ አስቀምጣ "አሳየኝ" አለችው። እሱም ፋኖስ ሣለላት፣ "ከዚህ ጎን፣ እዚህ ጋ" አላት። አንድ ጊዜ ጻፈች፣ አየችው፣ ወረቀቱን አጣጥፋ አስቀመጠችው። የሚበቃት ያ ነው፤ ልብስ ስትቆርጥም እንዲሁ ነች።

ቅዳሜ፣ የምርጫው ዋዜማ፣ ሱቁ ሊዘጋ ሲል ሩጄሮ መጣ።

ሩጄሮ ላማና የሳቪኖ አበልጅ ነው። ልጁን ሎሬዳናን ክርስትና ያነሣት እሱ ነው፤ ዛሬ እሷ ሩቅ፣ ቶሪኖ ከተማ ሄዳ ሥራ ይዛለች፣ ለምርጫም ለበዓልም አትመጣም። በእኛ ዘንድ አበልጅነት ከደም ይበልጣል። ወንድምህን ብትጣላው ሽማግሌ ያስታርቅሃል፤ አበልጅህን ብትጣላ ግን ሰው አልፎህ ይሄዳል። ይኸው ሩጄሮ የግንቦቹ እጩ ነበር። በአፉ ጤፍ የሚቆላ፣ ሲያቅፍህ ኪስህን የምትዳብስለት ዓይነት ሰው ነው፣ ግን ሠርግህ ላይም ቀብርህ ላይም አይቀርም።

ወንበሩ ላይ ተቀመጠና አንገቱን ሰጠው። ሳቪኖ አረፋውን ቀባው።

"አበልጄ፣ ጭንቅ ላይ ነኝ" አለ ሩጄሮ ጣሪያውን እያየ። "የራሴ ወገን ናቸው የሚበሉኝ። ከዶናቶ ጋር በአንዲት በሁለት ድምፅ ነው የምንተናነቀው። እሱ ከቀደመኝ እኔ ውጪ ነኝ።"

"አይዞህ፣ ይሆናል።"

"ካንተ ብዙ አልፈልግም። አንድ ብቻ። ያንተኑ።"

ምላጩ ቆመ። "ሩጄሮ፣ እኔ እኮ ራሴ እጩ ነኝ።"

"አውቃለሁ እንጂ! ላንተማ ደስ ብሎኛል። ግን አንተ ያ ሁሉ ደንበኛ እያለህ መቼ ትጎድላለህ? ከባሕር በጭልፋ ቢቀዳ ባሕሩ ያንሳል? የኔን ስም ጻፍ፣ ከሥሩ የዲያማንቴን። ይቺን ጥምረት ላንተ ብቻ ነው ያስቀመጥኳት።"

ይህ ለእንግዳ ግራ ነው፣ ለእኛ ግን ሚስጥር አይደለም። ሩጄሮ ቃል ለገባለት ሰው ሁሉ ከእሱ ስም ጋር የምትጻፍ የተለየች የግንቦቹ ሴት እጩ ይሰጠዋል፤ ለአንዱ ይቺን፣ ለሌላው ያቺን። ቆጠራው ላይ የጣቢያው ሰብሳቢ እያንዳንዱን ወረቀት ጮክ ብሎ ሲያነብ የሩጄሮ የወንድም ልጅ እዚያ ተቀምጦ ያዳምጣል። "ላማና እና ዲያማንቴ" የሚል ከተሰማ ሳቪኖ ቃሉን ጠበቀ ማለት ነው፤ ካልተሰማ አላከበረም ማለት ነው። ወንጀል ነው፣ ያሳስራል። ሁሉም ያውቀዋል፣ ማንም አያወራውም።

ሳቪኖ ምላጭ ይዞ በአበልጁ ጉሮሮ ላይ ቆሟል። የበረታ ሰው እዚህች ጋ እምቢ ይላል። ደካማ ሰው እንኳ "ላስብበት" ይላል። ሳቪኖ "እሺ" አለ።

እሑድ ጠዋት ባልና ሚስት ተያይዘው ወደ ትምህርት ቤቱ ሄዱ፤ ሁለቱም የሚመርጡት በአራተኛው ጣቢያ ነው። ኤርሲሊያ የበዓል ጫማዋን አድርጋለች። ሳቪኖ መጋረጃው ውስጥ ገብቶ እርሳሱን ያዘ። ፋኖሱን አየው፤ ግንቡን አየው። ያንን ሁሉ ደንበኛ በሐሳቡ አሰለፈ፤ ረጅም ሰልፍ ነበር። በዚያ ሁሉ መሐል አንዲት ድምፅ ምን ታደርጋለች ብሎ "ላማና" ጻፈ፣ ከሥሩም "ዲያማንቴ"። እጁ አልተንቀጠቀጠም፤ ኋላ የቆጨው ይህም ጭምር ነው።

ኤርሲሊያ ስትወጣ ፊቷ በርቶ ነበር። ደረጃው ላይ ክንዱን ይዛ፣ ሹክ ብላ፣ "ጻፍኩህ" አለችው።

"እኔም" አለ ሳቪኖ።

ሰኞ ፀጉር ቤት አይከፈትም። ከሰዓት በኋላ ፋኖሶቹ ቢሯቸው በነበረው አሮጌ የጫማ ሱቅ ተሰበሰቡ፤ ታራሊ የሚባለው ደረቅ የቀለበት ዳቦና ወይን ተቀምጧል። ግንቦቹ እንዳሸነፉ ቀደም ብሎ ታውቋል፤ ፋኖሶቹም ግን ጥቂት ወንበር አግኝተዋል፣ ስለዚህ ሐዘንም አልነበረም። የቀረው እያንዳንዱ እጩ ስንት ድምፅ እንዳገኘ ማንበብ ነው። መምህርት ቪታ መነጽሯን አድርጋ ከላይ ወደ ታች አነበበች። ለእያንዳንዱ ይጨበጨባል። ሳቪኖ ከረባት አድርጎ ግድግዳውን ተደግፎ ቆሟል። ስሙ በመሐል አልመጣም። ወደ ታች ስትወርድም አልመጣም። መጨረሻ ላይ ድምፅዋ አነሰ።

"ሳቪኖ ካርዶኔ" አለች። "አንድ።"

የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ማለት ይኸው ነው። የከተማውን ራስ ሁሉ በእጁ የያዘ ሰው አንድ ድምፅ! ከኋላ አንዱ ሳቁን በሳል ሸፈነው። መምህርት ቪታ ልታድነው ብላ ጭራሽ አባሰችው፦ "ምናልባት የቆጠራ ስሕተት ነው፤ ከየትኛው ጣቢያ ነው የመጣችው?"

"ከአራተኛው" አለ ውጤቱን ያመጣው ሰው።

ሁሉም በልቡ አንድ ዓይነት ሒሳብ ሠራ። ሳቪኖና ኤርሲሊያ የሚመርጡት በአራተኛው ጣቢያ ነው። ተወዳድሮ ራሱን የማይመርጥ እጩ ደግሞ እስከ ዛሬ አልተወለደም። ስለዚህ አንዷ የራሱ ናት፤ ሚስቱ አልመረጠችውም። ዓይኖች ሁሉ በአዘኔታ ወደ እሱ ዞሩ።

መናገር የነበረበት እዚያች ላይ ነበር። "ያቺ የሷ ናት፣ የጎደለችው የኔ ነች" ማለት ብቻ። ግን ያን ካለ ለማን ጻፍክ ይሉታል፤ ከፋኖሶቹ መሐል ቆሞ "ለግንብ" ሊል ነው? አንገቱን ደፋ፤ እነሱም የተከዳ ባል አንገት መሰላቸው። አንድ ሽማግሌ ትከሻውን መታ አድርጎ "ሆድ ይፍጀው ማስትሮ" አለው።

ቤት ሲደርስ ኤርሲሊያ ወጥ ቤት ተቀምጣ እሸት ባቄላ ትፈለፍላለች።

"ስንት?" አለችው ቀና ሳትል።

"አንድ።"

እጇ ቆመ። "አንድ ብቻ? የማን?"

መንገዱን ሁሉ እውነቱን ሊነግራት እያሰበ ነበር የመጣው። አፉን ሲከፍት የወጣው ግን ሌላ ነው። "የኔ... የኔ ትሆናለች።"

"የኔስ?"

"ምናልባት ቦታውን ስተሽ ይሆናል። ከፋኖሱ ጎን ካልሆነ እኮ ይሠርዙታል።"

"ከፋኖሱ ጎን ነው የጻፍኩት።"

"ሰው ሲቸኩል..."

"አልቸኮልኩም።"

እሷ ቀኝ እጇን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ አየችው፤ የሌላ ሰው እጅ ይመስል ቆይታ አየችው። "ይሆናላ" አለች ኋላ። "ከአራተኛ ክፍል የወጣ ሰው ምን ያውቃል።" ባቄላዋንም መፈልፈል ቀጠለች። ሳቪኖ እዚያው መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ፤ መሬት ግን እንዲህ ላለው አትከፈትም።

ወሬው ከእሱ ቀድሞ ከተማውን ዞሯል። ሰው መጀመሪያ የሳቀው በሳቪኖ ነበር፤ በማግሥቱ ግን ሳቁ ጠፋ፤ ምክንያቱም እያንዳንዱ የማለባት መሐላ ትዝ አለችው። አንድ በአንድ ወደ ፀጉር ቤቱ እየመጡ፣ የማያስፈልጋቸውን ፀጉር እያስቆረጡ ተናዘዙ።

"ማስትሮ፣ የኔዋን ለሚስቴ ወንድም ሰጠኋት እኮ። አንተ ያ ሁሉ ሰው እያለህ፣ የኔ አንዲት ብትጎድል ምን አላት ብዬ።"

"እኔም ማስትሮ፣ የሐኪሙ ልጅ ለመነኝ፣ አንተማ አትጎድልም ብዬ።"

ሁሉም አንድ ዓይነት ነገር ነው ያሉት፤ ልክ ሳቪኖ መጋረጃው ውስጥ ያለውን። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ይባላል፤ እዚህ ግን ሃምሳው ሰው ሎሚውን ለጎረቤቱ ትቶ ባዶ እጁን መጣ። ተናዝዘው ሲጨርሱ ደግሞ ወንበሩ ላይ ተደላድለው "የኛስ ይሁን፣ ባዳ ነን፤ የገዛ ሚስት ግን!" ይላሉ። በዚህ ቀለል ይላቸዋል። ከተማው ሁሉ የራሱን እፍረት የሚያሸክማት ሴት አገኘ። ሳቪኖም እንደ ልማዱ "እውነትህን ነው" አይል እንጂ፣ "አይደለም" አላለም። መቀሱን ያንጫጫል።

የሳቪኖ እናት ምራቷን ሰላም ማለት ተወች። ዳቦ ጋጋሪዋ ዳቦውን ለኤርሲሊያ ስትሰጥ ሌላ ሰው ታያለች። ኤርሲሊያ የምትሸሽ ሴት አይደለችምና ለጠየቃትም ላልጠየቃትም "ጻፍኩለት፣ ግን አላወቅሁበትም፣ ቦታውን ሳትኩ" ትላለች። ይህን ማለት ለእሷ ምን ያህል እንደሚከብድ የሚያውቅ ያውቃል፤ ማንበብና መጻፍ እንደሚያንሳት ለማንም ተናግራ አታውቅም ነበር። ሴቶቹም ፈገግ ይሉና ዞር ስትል "መሃይም ነኝ ማለት ይሻላታላ፣ ባሌን ከዳሁ ከማለት" ይባባላሉ።

ክብረ በዓሉ እሑድ ነው። ሐሙስ ካባው ከሣጥን ሲወጣ ከአራቱ ሴቶች አንጋፋዋ ኤርሲሊያን ወደ ጎን ጠርታ "ዘንድሮ እንኳ ትንሽ ብታርፊ ምን ይመስልሻል ልጄ?" አለቻት። እንዲህ ነው በእኛ አገር ሰው የሚባረረው፣ በምርቃት። ኤርሲሊያ መርፌዎቿን ጠቅልላ መጣች።

ሳቪኖ ለምሳ ሲገባ ጠረጴዛው ላይ ጎንበስ ብላ አገኛት። አትክልት የሚጠቀለልበትን ቡናማ ወረቀት ዘርግታ፣ በራሷ እጅ ፋኖስ ሥላ፣ ከጎኑ የባሏን ስም ትጽፋለች። አንዱን ስትጨርስ ሌላ ፋኖስ ትሥላለች። ወረቀቱ ሞልቷል። እያንዳንዱ ስም በቦታው ነው፤ እንደ ስፌቷ ቀጥ ያለ።

"ምን እያደረግሽ ነው?"

"የቱ ጋ እንደሳትኩ እየፈለግሁ ነዋ" አለች። "እንዲህ ነበር የጻፍኩት ይመስለኛል። እስቲ እየው፣ ምኑ ነው የተበላሸው?"

ሳቪኖ አየው። "እኔንጃ" አለ። ምሳውን ሳይበላ ወጣ፣ ሱቁን ከፍቶ ወንበሩ ላይ ራሱ ተቀመጠ፣ መስታወቱን ግን ማየት አልቻለም።

ቅዳሜ፣ የበዓሉ ዋዜማ፣ ፀጉር ቤቱ ጢም አለ። ሩጄሮም መጣ፤ አሁን የምክር ቤት አባል ነው፣ ተራ አይጠብቅም። አረፋ ተቀብቶ እንደተቀመጠ፣ ከጀርባ አንዱ "ሰማችሁ? ኤርሲሊያን ዘንድሮ እመቤታችንን እንዳታለብስ አስቀሯት" አለ። ሌላው "ደግ አደረጉ። ባሏን የካደች ሴት በምን እጇ?" ሲል መለሰ።

ሳቪኖ ምላጩን አስቀመጠ። እጁን በፎጣ ጠረገ፤ ጊዜ ወሰደበት።

"አይደለም" አለ።

በዚያ ሱቅ ውስጥ ይህ ቃል ከሳቪኖ አፍ ሲወጣ የሰማ አልነበረም። ሰው ሁሉ ቀና አለ።

"ያቺ አንዷ ድምፅ የሷ ናት። እኔ ራሴን አልጻፍኩም። የአበልጄን ስም ነው የጻፍኩት። ከሥሩ ዲያማንቴን፣ እንዳዘዘኝ። እሷ ምንም አላጠፋችም። ስድስት ቀን ሙሉ ዋሸኋት። እናንተንም።"

ዓይኖች ከሳቪኖ ወደ ሩጄሮ ዞሩ። ሩጄሮ ያውቃል፤ የወንድሙ ልጅ በጆሮው የሰማውን ያን ዕለቱኑ ነግሮታል። እዚያ ካሉት መሐል እውነቱን ሊመሰክር የሚችል ሰው እሱ ብቻ ነው። ከመሰከረ ግን ወንበሩም ይሄዳል፣ እሱም ይታሰራል።

ሩጄሮ ግማሽ ፊቱ አረፋ እንደሆነ ከወንበሩ ተነሣ። ዓይኑ እንባ አቅርሯል፤ እንባው የእውነት ነው የሚሉም አሉ። ሳቪኖን በሁለት እጁ አቀፈው።

"አያችሁ?" አለ። "ባል ማለት ይኼ ነው! ለሚስቱ ስም ብሎ የገዛ ስሙን ጭቃ ላይ ጣለ። የትኛው እጩ ነው ራሱን የማይመርጥ? በሉ ንገሩኝ፣ ማን ያምነዋል? አበልጄ፣ ልብህን አወቅንልህ። ይበቃል፣ ራስህን አታዋርድ።"

"እውነቴን ነው እኮ!"

"እውነትህን ነው፣ እሺ" አለ ሩጄሮ፣ የሳቪኖን የዘመን ልማድ ለራሱ ለሳቪኖ መልሶ።

አንዱ አጨበጨበ። ከዚያ ሁሉም አጨበጨቡ። ከመሐላቸው ግማሾቹ የየራሳቸው ጥምረት ተሰጥቷቸው ነበር፤ ሳቪኖን ማመን ማለት ነገ ስለራሳቸውም መጠየቅ ማለት ነው። ከማመን ማጨብጨብ ይቀላል። ሳቪኖ ማለ፣ ተገዘተ፣ በልጁ ስም ማለ፤ በማለ ቁጥር ጭብጨባው ባሰ። አንድ ሽማግሌ ዓይኑን እየጠረገ "አባትህ ይኼን ባየ" አለው። ከጅብ በኋላ የሚጮህ ውሻን ማን ይሰማዋል? ዕድሜውን ሁሉ ሐሰት ሲናገር ያመኑት ሰዎች፣ አንዲት እውነት ሲናገር አላመኑትም፤ ይባስ ብለው አከበሩት። እንዲህ አፍሮ አያውቅም።

ሱቁን ሳይዘጋ ወደ ቤቱ ሄደ። ኤርሲሊያ ጠረጴዛው አጠገብ ቆማለች፤ ቡናማው ወረቀት እዚያው ነው።

"ፓስኳ መጥታ ነበር" አለችው። ፓስኳ ጎረቤታቸው ናት። "ምን ዓይነት ባል ነው የሰጠሽ አለችኝ። ያንቺን ጥፋት በራሱ ላይ አላከከ፣ ለሩጄሮ ጻፍኩ ብሎ ዋሸ አለችኝ። ከእንግዲህ እንዳላሳዝንህም መከረችኝ።"

"አልዋሸሁም" አለ ሳቪኖ። "ያልኩት እውነት ነው።"

"ለሩጄሮ?"

"ለሩጄሮ።"

ኤርሲሊያ ወረቀቱን አነሣች። "እንግዲያው የኔዋ ትክክል ነበረች።"

"ትክክል ነበረች።"

"ከፋኖሱ ጎን።"

"ከፋኖሱ ጎን።"

ፊቷ ለአፍታ በራ፤ ያን እሑድ ደረጃው ላይ እንደበራው። ሳቪኖ ያችን ብርሃን ማየት አልቻለም፣ ምን እንደሚከተላት ያውቃል። ብርሃኗም ሄደች።

"ይኼን ስሞላ ቆመህ ታየኝ ነበር" አለችው። "ምኑ ነው የተበላሸው ብዬ ስጠይቅህ፣ እኔንጃ አልከኝ።"

"አዎ።"

አልጮኸችም፣ አላለቀሰችም። ወረቀቱን አራት አጠፈችና የመርፌ ሣጥኗ ውስጥ አስገባችው። ሳቪኖ ምን እንደሚያደርግ ግራ ገብቶት ባርኔጣውን ያዞራል።

"ነገ ቤተ ክርስቲያን አብሬሽ እመጣለሁ" አላት። "ለሴቶቹ ራሴ እነግራቸዋለሁ። ተንበርክኬም ቢሆን።"

ኤርሲሊያ ሣጥኑን ዘጋችው።

"አትምጣ" አለችው። "ያጨበጭቡልሃል።"